ቀለም የሌለው ጫት፦ የጄሲካ በሽር ካሜራ እንዴት ይሠራል?

እኛ ዘንድ ኢሉባቦር፣ ቡሬ ላይ ሠርግ ሲደገስ ካሜራ ይዞ የሚመጣውን ልጅ ያውቁታል። አንዳንዴ ከመቱ፣ አንዳንዴ ከጎሬ ይመጣል፤ ቦርሳ ትከሻው ላይ፣ መብራት እጁ ላይ። ቪዲዮ ቀራጭ እንለዋለን። ሥራው አንድም ነገር ሳያመልጠው መቅረጽ ነው፦ ሙሽራዋ ስትወጣ፣ ሽማግሌ ሲመርቅ፣ ኬክ ሲቆረስ። ጥግ ላይ የተቀመጡት አያት ቪዲዮው ውስጥ ካልታዩ ወቀሳው ለእሱ ነው።

በፊልም ሥራ ከዚህ የሚለይ የካሜራ ሰው አለ። ሲኒማቶግራፈር ይባላል፤ የአንድን ፊልም ምስል የሚያስብና የሚወስን ባለሙያ ማለት ነው። ካሜራው የት ይቁም? ብርሃኑ በየት በኩል ይግባ? ምኑ ይታይ፣ ምኑስ ጨለማ ውስጥ ይቅር? ለእነዚህ ሁሉ መልስ የሚሰጠው እሱ ነው። ቪዲዮ ቀራጩ ሁሉንም ለማሳየት ሲሯሯጥ፣ ሲኒማቶግራፈሩ ደግሞ የሚተወውን ሲመርጥ ይውላል።

«ዳይሬክተሩስ ምን ይሠራል?» ይሉኝ ይሆናል። ዳይሬክተር ታሪኩን ይመራል፤ ማን ምን ያድርግ፣ ምን ይበል፣ ፊልሙ ወዴት ይሂድ የሚለውን። ሁለቱ ጎን ለጎን ይሠራሉ። በትልልቅ ፊልሞች ሲኒማቶግራፈሩ ራሱ ካሜራውን ላይነካው ይችላል። ካሜራ የሚይዝለት፣ ፎከስ የሚያስተካክልለት፣ መብራት የሚተክልለት ረዳት አለው። አልፎ አልፎ ግን ዳይሬክተሩም ካሜራ ያዡም አንድ ሰው ሆኖ ይገኛል። የማወራልዎ ሴት እንደዚያ ናት። ስሟ ጄሲካ በሽር፣ ዋናው ፊልሟ ደግሞ «ፋያ ዳዪ» ይባላል።

ለምን እሷን መረጥኩ? በፊልሙ ውስጥ በብዛት የሚሰማው ቋንቋ ኦሮምኛ ነው። ቡሬና መቱ ያለ ሰው ከሥር የተጻፈውን ትርጉም ሳይጠብቅ ሊከታተለው ይችላል። የሐረርጌው አነጋገር ከኢሉባቦሩ ይለያል እንጂ አይጠፋዎትም። ነገሩ ደግሞ ስለ ጫት ነው፤ ጫት የቡናን መሬት ስለ መውሰዱ። በቡና ለምንኖር ለእኛ ይህ የሩቅ ወሬ አይደለም።

ጄሲካ የተወለደችው ሜክሲኮ ሲቲ ነው። እናቷ ሜክሲኳዊ፣ አባቷ ኢትዮጵያዊ ናቸው። ያደገችው ግን ሐረር ነው። በደርግ ዘመን፣ ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ላይ ሳለች፣ ከአገር ወጣች። በኋላ ሎስ አንጀለስ በሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልምና ሥነ ጽሑፍ ተማረች፤ ኑሮዋንም ኒው ዮርክ፣ ብሩክሊን ላይ አደረገች።

የጀመረችው በአጫጭር ፊልሞች ነው። ለእኛ የሚቀርበን «ሃይራት» የተባለው ነው። ከሐረር ግንብ ውጪ ማታ ማታ ጅብ ሲያበሉ ስለኖሩት ስለ ዩሱፍ ሙሜ የሚናገር፣ በጥቁርና ነጭ የተሠራ ፊልም ነው። በ2017 ሰንዳንስ ላይ ታየ። (ዓመቶቹን የምጠቅሰው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።) ሰንዳንስ አሜሪካ ውስጥ በየዓመቱ የሚካሄድ የፊልም ፌስቲቫል ነው፤ የትልልቅ ስቱዲዮዎች ገንዘብ ለሌላቸው ፊልም ሠሪዎች ዋና በር የሚባል። የሐረርን ጅብ በመኪና መብራትና በስልክ ፍላሽ ያላነሳው ጎብኚ የለም። በእነዚያ ፎቶዎች ላይ ጅቡ ትርኢት ነው። «ሃይራት» ላይ ግን ሰውየውና አውሬው ለዓመታት የተላመዱ ጎረቤቶች ሆነው ይታያሉ።

«ፋያ ዳዪ» የመጀመሪያ ረጅም ፊልሟ ነው። ሁለት ሰዓት ያህል ይወስዳል። በ2021 ሰንዳንስ ላይ ወጣ። በዚያው ዓመት ስዊዘርላንድ ውስጥ ቪዝዮን ዱ ሬኤል በተባለው የዘጋቢ ፊልም ፌስቲቫል ዋናውን ሽልማት ወሰደ። ዘጋቢ ፊልም ማለት ተዋናይ ቀጥሮ ሳይሆን እውነተኛ ሰዎችንና ኑሯቸውን ቀርጾ የሚሠራ ፊልም ነው። ለኦስካርም በዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ተጣርተው ከቀሩት 15 ፊልሞች አንዱ ነበር፤ ወደ መጨረሻዎቹ አምስት ግን አልገባም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። በውጭ አገር ስማቸው የተነሳ የኢትዮጵያ ፊልሞች ምስላቸውን በአብዛኛው የቀረጸው የውጭ አገር ሰው ነው። የኃይሌ ገሪማን «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» የቀረጸው አሜሪካዊው ኤሊዮት ዴቪስ ነው። «ጤዛ»ን የቀረጸው ጣሊያናዊው ማሪዮ ማሲኒ ነው። «ድፍረት»ን የቀረጸችው ፖላንዳዊቷ ሞኒካ ሌንቸቭስካ፣ በ2015 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የታየውን የያሬድ ዘለቀን «በግ» የቀረጸችው ደግሞ ጆዜ ዴሼ ናት። ይህን የምለው ለነቀፋ አይደለም፤ ሁሉም ጥሩ ሠርተዋል። ካሜራውን የያዘው ሰው ግን መጀመሪያ ዓይኑን የሚስበውን ይቀርጻል። እንግዳ ሰው የሚስበው ነገርና እዚያ ያደገ ሰው የሚስበው ነገር አንድ አይሆንም። ጄሲካ ለሐረር ግማሽ እንግዳ፣ ግማሽ የቤት ልጅ ናት። ፊልሟ ላይ ሁለቱም ይታያሉ።

ታዲያ ፊልሙ ውስጥ ምን አለ? የሚያያዝ አንድ ረጅም ታሪክ አይጠብቁ። ጫት ሲቆረጥ፣ ሲለቀም፣ ሲታሰር፣ ሲጫን ያያሉ። አባቱ ጫት ላይ ስለወደቀ ቤቱ የከበደው፣ ባሕር ተሻግሮ መሄድን የሚያስብ ታዳጊ አለ። የሄዱና የተመለሱ፣ ሊሄዱም የተዘጋጁ ወጣቶች ሲያወሩ ይሰማሉ። የዘላለም ሕይወት የሚሰጥ ውኃ ፍለጋ ስለ መውጣት የሚተርክ የሐረር አፈ ታሪክም በየመሐሉ ይገባል።

የጫትን ንግድ የሚያውቅ ሰው አንድ ነገር ወዲያው ይይዛል። ጫት ጊዜ የማይሰጥ ሸቀጥ ነው። ከተቆረጠ በኋላ ትኩስነቱ በቀነሰ ቁጥር ዋጋው ይወርዳል። ቆራጩም አሳሪውም ሹፌሩም የሚሯሯጡት ለዚህ ነው። ወደ ጅቡቲና ወደ ሶማሊያ የሚሄደው ቅጠል በሰዓት የሚቆጠር ዕድሜ ነው ያለው። ቃሚው ግን ሌላ ሰዓት ውስጥ ነው ያለው። በርጫ ላይ ተቀምጦ፣ ምርቃና ሲጀምረው፣ ጊዜው ይለጠጣል። ጄሲካ ከሁለቱ ሰዓቶች የቃሚውን መርጣለች። የምትቀርጸው ሥራ ይሯሯጣል፤ ፊልሙ ግን አይሯሯጥም። የፊልሙ ጠባይ ከዚህ ምርጫ ይወጣል ብዬ አምናለሁ። እንዴት እንዳደረገችው ደረጃ በደረጃ እንይ።

በጥቁርና ነጩ እንጀምር። ዛሬ ያሉት ዲጂታል ካሜራዎች በተለምዶ የሚቀርጹት በቀለም ነው። ቀለሙ የሚወጣው በኋላ፣ ኮምፒውተር ላይ ነው። «እሱማ ምን ይከብዳል፣ ስልኬም ላይ አለ» ይሉ ይሆናል። ልክ ነዎት፤ ማውጣቱ ቀላል ነው። ከባዱ ቀለም እንደማይኖር አውቆ መቅረጽ ነው።

ቡና በሚለቀምበት ወቅት ይሞክሩት። ቀይ እሸት የበዛበት አንድ ቅርንጫፍ ይምረጡና የስልክዎን ካሜራ ጥቁርና ነጭ ላይ ያድርጉት። ቅርንጫፉን ሲያዩት እሸቱ ይጠፋል። ዓይንዎ ቀዩን ከአረንጓዴው የለየው በቀለሙ ነበር። ቀለሙ ሲወጣ ግን ፍሬውም ቅጠሉም ተቀራራቢ ግራጫ ይሆናሉ። አሁን ዞር ይበሉና ፀሐይ በጎን የምትመታውን ቅርንጫፍ ይፈልጉ። ፍሬው ላይ አንዲት ነጭ ነጥብ ታበራለች፣ ከሥሩ ጥላ ይወድቃል፣ ክብነቱም ተመልሶ ይመጣል። ጥቁርና ነጭ የሚቀርጽ ሰው ቀኑን ሙሉ የሚሠራው ይህንን ነው፤ ቀለሙን ረስቶ ብርሃንና ጥላውን ብቻ ይፈልጋል።

ሁለተኛው ሥራ ከቀረጻ በኋላ ይመጣል። እያንዳንዱ ቀለም ወደ ምን ያህል ግራጫ ይለወጥ? አረንጓዴው ቅጠል ወደ ጥቁር ይጠጋ ወይስ ወደ ነጭ? የሰው ፊት ምን ያህል ይብራ? ይህንን የሚያስተካክለውን ሥራ የፊልም ሰዎች ከለር ግሬዲንግ ይሉታል፤ የምስሉን ቀለምና ብርሃን በኮምፒውተር መግራት ማለት ነው። በተለይ የጠቆረ ፊት ከጨለማ ግድግዳ ፊት ለፊት ሲቀመጥ ጥንቃቄ ይጠይቃል። ትንሽ ከጨለመ ሰውየው ይጠፋል፤ ትንሽ ከበራ ደግሞ ፊቱ አመድ ይመስላል። በ«ፋያ ዳዪ» ብዙ ፊቶች ጨለማ ውስጥ ናቸው፤ ግን ግንባሩ፣ የጉንጩ አጥንት፣ የዓይኑ ብርሃን አልጠፋም።

ስለ ቅጠል በሚያወራ ፊልም አረንጓዴን ማጥፋት ግን ምን ይባላል? ለእኔ ከፊልሙ ውሳኔዎች ሁሉ ደፋሩ ይኸው ነው። ሐረር በቀለም የተሞላች ከተማ ናት። ግድግዳዋ ሮዝ፣ ሰማያዊ፣ አረንጓዴ ነው፤ ፖስትካርድ ሁሉ እሱን ያሳያል። ነጋዴም ጫትን የሚመዝነው በመልኩ ነው። ቀለሙ ሲነሳ ፖስትካርዱም ገበያውም አብረው ይነሳሉ። የሚቀረው እጅ ነው፤ የሚቆርጥ፣ የሚያራግፍ፣ የሚያስር እጅ። ያለ ቀለም የዛሬዋ ሐረርና የተረቷ ሐረር አንድ ዘመን ላይ ያሉ ይመስላሉ። ተረቱ ድንገት ሲገባ የማይጎረብጠው በዚህ ምክንያት ይመስለኛል።

ቀጥሎ ጭሱና ብርሃኑ። የእጣን ጭስ ቤትዎ ውስጥ ሁሌም አለ፤ ሁሌም ግን አይታይም። በሩን ወደ ጀርባዎ አድርገው ካዩት ጭሱ ሳስቶ ይጠፋል። ወደ በሩ ዞረው፣ ጭሱ በእርስዎና በበሩ መካከል ሲሆን ግን እያንዳንዱ ጥምዝምዝ ይታያል። ምክንያቱ ቀላል ነው። የጭስ ብናኝ ከኋላው የሚመጣውን ብርሃን ወደ ዓይንዎ ይበትነዋል። ከኋላው ያለው ግድግዳ ጨለማ ከሆነ ደግሞ ይበልጥ ይጎላል። የፊልም ሰዎች ይህንን የኋላ ብርሃን ይሉታል። ትልልቅ ስቱዲዮዎች በመብራትና በጭስ ማሽን የሚፈጥሩትን፣ ጄሲካ በመስኮት፣ በበር ቀዳዳ፣ በአቧራና በእጣን ታገኘዋለች። ይህ ገንዘብ አይጠይቅም። የሚጠይቀው ፀሐይዋ በዚያ ቀዳዳ በስንት ሰዓት እንደምትገባ ማወቅ ነው፤ ይህ ደግሞ የሚታወቀው እዚያ ቤት ደጋግሞ በመቀመጥ ነው።

ስለ ቀርፋፋነቱስ? ሁለት መንገድ አለ። አንዱ ስሎው ሞሽን ነው። ፊልም ማለት በፍጥነት የሚፈራረቁ ፎቶዎች ናቸው፤ በተለምዶ በሰከንድ 24። ካሜራው በሰከንድ 48 ፎቶ ካነሳና እርስዎ በሰከንድ 24 ካሳዩት፣ አንድ ሰከንድ የወሰደው ነገር ሁለት ሰከንድ ይፈጃል። ሌላው መንገድ አለመቁረጥ ነው። ካሜራ ሳይቋረጥ የቀረጸው አንድ ቁራጭ ሾት ይባላል። በማስታወቂያና በዘፈን ክሊፕ ሾቱ ሁለት ሦስት ሰከንድ ሳይሞላው ይቀየራል። ጄሲካ በአብዛኛው የምትጠቀመው ሁለተኛውን መንገድ ነው፤ ሾቱ ሊያልቅ ይገባዋል ብለው ሲያስቡ ገና ይቀጥላል። መጀመሪያ ያሰለቻል፤ አልዋሽዎትም። ትንሽ ቆይቶ ግን ዓይንዎ ራሱ ምስሉ ውስጥ መዞር ይጀምራል፤ አንድ ጥግ ላይ የተቀመጠ ሌላ ሰው ያያሉ።

ድምፁም የራሱ አሠራር አለው። በተለመደው ዘጋቢ ፊልም ሰው ወንበር ላይ ይቀመጥና ወደ ጠያቂው እያየ ያወራል። እዚህ ግን ብዙ ጊዜ የሚናገረውን ሰው አፍ አናይም። ድምፁ ለብቻ ይቀዳል፤ በላዩ ላይ ሌላ ምስል፣ ምናልባት የሚሄድ ሰው ጀርባ፣ ምናልባት ውኃ፣ ይሄዳል። ይህ ለተናጋሪውም ይጠቅማል። ስለ ስደት፣ ስለ አባቱ ዱላ፣ ስለ ፍቅር የሚያወራ ሰው ካሜራ ፊቱ ላይ ሲደቀንበት ይቆለፋል። ካሜራው ዞር ሲልለት ይናገራል።

አሁን ለማነጻጸር ፍጹም በሌላ መንገድ የሄደ ሰው ላሳይዎ። ሰርጌይ ኡሩሴቭስኪ ሩሲያዊ ሲኒማቶግራፈር ነው፤ በ1908 ተወልዶ በ1974 አረፈ። ወደ ካሜራ ከመምጣቱ በፊት የተማረው የሥዕል ሙያ ነበር። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የግንባር ካሜራማን ሆኖ አገልግሏል። ካሜራን በእጅ ይዞ ከሰው ጋር መሮጡን ከዚያ እንዳመጣው ይነገራል።

ከዳይሬክተር ሚኻኤል ካላቶዞቭ ጋር በ1957 «ሌትያት ዡራቭሊ»ን ሠራ፤ እጮኛዋ ጦር ሜዳ ስለ ዘመተባት አንዲት ወጣት የሚተርክ ፊልም ነው። በ1958 የካን ፌስቲቫልን ትልቁን ሽልማት አገኘ። እዚያ ውስጥ ወጣቱ ጠመዝማዛ ደረጃ እየዘለለ ሲወጣ ካሜራውም አብሮት እየዞረ ሽቅብ ይወጣል። ለዚያ ሾት ካሜራውን የሚያነሳ መሣሪያ መሥራት አስፈልጓል።

በ1964 የወጣው «ሶይ ኩባ» ደግሞ ይብሳል። አንድ የቀብር ሰልፍ አለ። ካሜራው ከለቀስተኛው መሐል ይነሳል፣ የአንድን ሕንፃ ግድግዳ ሽቅብ ይወጣል፣ ሲጋር የሚጠቀልሉ ሠራተኞች ያሉበት ክፍል ይገባል፣ በሌላ መስኮት ይወጣና በመንገዱ ላይ እየተንሳፈፈ ሬሳውን ተከትሎ ይሄዳል። ይህ ሁሉ ሳይቆረጥ ነው። ድሮን ባልነበረበት ዘመን ሰዎች ካሜራውን ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበሉ፣ በመጨረሻም በገመድ ላይ አንጠልጥለው ነው የሠሩት።

የዛፎቹም ነገር ይገርማል። በ«ሶይ ኩባ» ዘንባባውና ሸንኮራ አገዳው ነጭ ነው፣ በረዶ የወረደበት ይመስላል። ኡሩሴቭስኪ አንዳንዱን ክፍል የቀረጸው ኢንፍራሬድ በሚባል ፊልም ነው፤ ዓይናችን የማያየውን ብርሃን የሚቀበል ጥሬ ፊልም ማለት ነው። ሕያው ቅጠል ያንን ብርሃን በብዛት ስለሚመልሰው ነጭ ሆኖ ይወጣል። የእኛን የኢሉባቦር ደን በዚያ ፊልም ቢያነሱት ጫካው ሁሉ ነጭ ይሆን ነበር።

የኡሩሴቭስኪን ነገር ያነሳሁት ስለ ወጪው ነው። ኡሩሴቭስኪ ከጀርባው የሶቪየት መንግሥት ነበረው። ጥሬ ፊልሙ፣ ሠራተኛው፣ ሕዝቡ፣ የተለየው መሣሪያ ሁሉ በመንግሥት ገንዘብ መጣ። ያም ሆኖ «ሶይ ኩባ» በሞስኮም በሃቫናም ቀዝቃዛ አቀባበል ገጠመው፤ እስከ 1990ዎቹ መደርደሪያ ላይ ተረስቶ ቆየ። ጄሲካ ያ ሁሉ የላትም። እሷ ያወጣችው ዓመት ነው። «ፋያ ዳዪ» ለመሠራት አሥር ዓመት ያህል ወስዷል፤ በአብዛኛው ካሜራውን ራሷ ይዛ፣ እየሄደች እየተመለሰች።

አሥር ዓመት ለአንድ ፊልም አይበዛም? ይበዛል። ግን ምን እንደተገዛበት ይመልከቱ። አንድ ሰው ካሜራ ይዞ ሰፈርዎ ቢመጣ በመጀመሪያው ቀን ሁሉም ይሰበሰባል፣ ልጆች እጃቸውን ያውለበልባሉ፣ ሴቶች ነጠላቸውን ያስተካክላሉ። በሳምንቱ ጥቂቱ ይለምደዋል። በዓመቱ ሲመለስ ደግሞ «መጣህ?» ብለው ወደ ሥራቸው ይመለሳሉ። በርጫ ላይ ያለ ሰው ዓይኑን ጨፍኖ ሲቀመጥ በቅርብ ሆኖ ለመቅረጽ እንደዚያ መለመድ ያስፈልጋል። የፊልሙ ቅርበት የተገዛው በዚህ ነው፤ በመሣሪያ ሊተካ አይችልም።

የገንዘቡን ነገር በቁጥር ልንገርዎ። «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» በ1970ዎቹ የተቀረጸው በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ጥሬ ፊልም ነው፤ በሁለት ሳምንት ያህል። 16 ሚሊሜትር የጥቅልሉ ስፋት ነው። 120 ሜትር ርዝመት ያለው አንድ ጥቅልል 11 ደቂቃ ያህል ብቻ ይቀርጻል። ሰፊው 35 ሚሊሜትር ከሆነ ያው 120 ሜትር አራት ደቂቃ ተኩል ገደማ ነው። ከዚያ ፊልሙ ላቦራቶሪ ሄዶ ይታጠባል፤ ምስሉ የሚታየው ከታጠበ በኋላ ነው። ስለዚህ ካሜራው በተከፈተ ቁጥር ብር ይቃጠላል። እንደዚያ ባለ ሁኔታ ሰው በርጫ ላይ ተቀምጦ «እስቲ ምን ይመጣል» ብሎ አይጠብቅም።

ዲጂታል ካሜራ ይህንን ቀየረው። መጠበቅ ርካሽ ሆነ። አሁን ወጪው ማስቀመጫ ላይ ነው። ፎርኬ የሚባለውን ጥራት በሰከንድ 100 ሜጋቢት የሚቀርጽ ካሜራ በአንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ይሞላል። ሁለት ቅጂ ማስቀመጥ ግዴታ ስለሆነ 90 ይሆናል። መቶ ሰዓት ከቀረጹ ዘጠኝ ሺህ ጊጋባይት የሚይዝ ሃርድ ዲስክ ይፈልጋሉ። ከዚያ ኤዲተር አለ፤ ያን ሁሉ ሰዓት አይቶ ሁለት ሰዓት የሚያስቀር ሰው። ድምፁን የሚያስተካክል አለ፣ ኦሮምኛውን አዳምጦ የሚተረጉም አለ። ለእነዚህ ሁሉ ይከፈላል። ለዚህ ነው ብዙ ዘጋቢ ፊልሞች ካሜራው ከቆመ በኋላም ለዓመታት የማያልቁት።

ኢሉባቦር ውስጥ ሆኖ እንደዚህ ዓይነት ነገር መሞከር የሚፈልግ ወጣት ከየት ይጀምር? ከብርሃናችን። እኛ ዘንድ ዝናቡ ረጅም ነው፣ ደመናው አይጠፋም። ደመና ሲኖር ብርሃኑ ከሁሉም አቅጣጫ ይመጣል፣ ጥላው ይለሰልሳል፣ የሰው ፊት ያምራል። በአንጻሩ ሁሉም ነገር ለጥ ብሎ ይታያል። ስለዚህ ሰውየውን ከቤት አውጥተው ሜዳ ላይ አያቁሙት። ደጃፍ ላይ ያስቀምጡት፦ ፊቱ ወደ ውጪ፣ ጀርባው ወደ ጨለማው ክፍል። በሩ ራሱ መብራት ይሆንልዎታል።

ስልክ ብርሃኑን በራሱ ይወስናል፤ ችግሩም ይኸው ነው። ከመስኮት ፊት የተቀመጠ ሰው ሲያነሱ ፊቱ ይጠቁራል። ስክሪኑ ላይ ፊቱን ይንኩት፤ ብዙ ስልኮች ላይ ትንሽ የፀሐይ ምልክት ትመጣለች። ወደ ታች ወይም ወደ ላይ እየሳቡ ይግሩት። ተጭነው ሲቆዩ ደግሞ ይቆለፋል፤ ሰው ሲያልፍ ምስሉ አይበራም አይጨልምም።

የሠርግ ቪዲዮ ቀራጮቻችን ለሚያማርሩበት አንድ ነገርም መፍትሔ ላቀብል። በአምፖል ብርሃን ሲቀርጹ ምስሉ ላይ ጥቁር መስመር እየተንቀሳቀሰ ያስቸግራል። የአገራችን መብራት በሰከንድ 50 ጊዜ ይመላለሳል፣ አንዳንዱ አምፖል ደግሞ በሰከንድ 100 ጊዜ ይብለጨለጫል። ዓይን አያየውም፤ ካሜራ ግን ያየዋል። ካሜራዎ ላይ ሸተር የሚባለውን፣ ማለትም እያንዳንዱ ፎቶ ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ፣ 1/50 ወይም 1/100 ላይ ያድርጉት። መስመሩ በአብዛኛው ይጠፋል።

«ፋያ ዳዪ»ን የሚያከፋፍለው ጃነስ ፊልምስ የተባለ የአሜሪካ ድርጅት ነው። ካገኙት በቀን፣ ብርሃን በሞላው ክፍል አይክፈቱት። ግማሹ ምስል ጨለማ ስለሆነ የራስዎን ፊት ስክሪኑ ላይ እያዩ ያልቃል። ማታ፣ መብራት አጥፍተው፣ የስልክዎን ብርሃን ከፍ አድርገው፣ በጆሮ ማዳመጫ ይዩት። ታሪኩን ለመያዝ አይጣደፉ፤ ማን የማን ልጅ እንደሆነ ቢጠፋብዎትም ፊልሙ አይጎድልብዎትም። የመጀመሪያውን ሃያ ደቂቃ ብቻ ይዩ። ካልያዘዎት ይዝጉት፤ ሁሉም ሰው አይወደውም፣ እኔም የማውቃቸው የፊልም አፍቃሪዎች መሐል ላይ ትተውታል። ከያዘዎት ግን ሁለተኛ ጊዜ ሲያዩት ድምፁን ይዝጉና በየሾቱ ብርሃኑ በየት በኩል እንደገባ ብቻ ይከተሉ።